ዝናብ በፔንግዊኖች ሰፈር

(በዚህ ማስታወሻ የተጠቀሱት ዓመታት፣ ወራትና ቀናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

አንደኛ ቀን፦ ኡሽዋያ፣ አርጀንቲና

ወደ መርከቧ ከመውጣታችን በፊት የታዘዝነው ሥራ ልብሳችንን ማጽዳት ነበር። የጃኬት ኪስ ተገለበጠ፣ የቦርሳ ስፌት ተፈተሸ፣ የጫማ ሶል በብሩሽ ተፈተገ። ከጓንቴ ጫፍ ላይ ሁለት የሣር ዘሮች ተጣብቀው ተገኙ። አስጎብኚያችን በወረንጦ ለቅማ አወጣቻቸው። ወደ አንታርክቲካ የሚሄድ ሰው ዘርም፣ አፈርም፣ በሽታም ይዞ እንዳይገባ የሚደረግ ጥንቃቄ ነው። ሲመለስ ደግሞ አንዲት ጠጠር እንኳ ይዞ መውጣት አይፈቀድለትም። ይህን ስትነግረን ድምፅዋ ጠንከር ያለ ስለነበር በደብተሬ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ጻፍኩት።

ጊዜው ጥር ነው፤ በዚህ የምድር ክፍል የበጋው እኩሌታ። ማታ በቢግል ሰርጥ በኩል ወደ ውቅያኖሱ ወጣን። በዚህ ሰርጥ ውስጥ ማርቲዮ የምትባል ትንሽ ደሴት አለች፤ የማጅላን ፔንግዊኖች እየመጡ አፈሯን ቆፍረው በጉድጓድ ውስጥ ይራቡባታል። ከዚህ እጅግ ርቀው፣ በምድር ወገብ ላይ በጋላፓጎስ ደሴቶች የሚኖሩ ፔንግዊኖችም አሉ። ይህን ስሰማ አንድ ጥያቄ አእምሮዬ ውስጥ ቀረ። ዘመዶቹ በምድር ወገብ ላይ መኖር ከቻሉ የአንታርክቲካው ፔንግዊን በጥቂት ዲግሪ ሙቀት ምን ይሆናል ተብሎ ነው የሚሰጋለት? ይህን ጉዞ የተጓዝኩት ፔንግዊን ለማየት ብቻ ሳይሆን የዚህን መልስ በቦታው ለማግኘት ነው ብል ውሸት አይሆንብኝም።

ሁለተኛና ሦስተኛ ቀን፦ ድሬክ መተላለፊያ

ከደቡብ አሜሪካ ጫፍ እስከ ሳውዝ ሼትላንድ ደሴቶች 800 ኪሎ ሜትር ያህል የሚሆን፣ መሬት የሚባል ነገር የማይታይበት ባሕር ነው። በመጀመሪያው ሌሊት ማዕበሉ አላስተኛንም። በሁለተኛው ቀን በመርከቧ ኮሪደር ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ሰሌዳ የባሕሩ ሙቀት በጥቂት ሰዓታት ውስጥ ሲያሽቆለቁል አሳየን። ቀዝቃዛው የደቡብ ውኃ ሞቅ ካለው የሰሜን ውኃ ጋር የሚገናኝበትን መስመር አልፈን ነበር። ከዚያ ወዲያ ነፋሱ ፊት ይቆርጣል።

ከሰዓት በኋላ ስለ ንጉሠ ነገሥት ፔንግዊን ገለጻ ተደረገልን። እኛ በምንሄድበት መንገድ ይህን ትልቁን ፔንግዊን አናገኘውም። ሰፈሩ ሩቅ ነው፤ የሚራባውም ማንም መርከብ በማይደፍረው ክረምት ነው። እናቲቱ በግንቦት ወይም በሰኔ አንዲት እንቁላል ብቻ ጥላ ምግብ ፍለጋ ወደ ባሕር ትሄዳለች። አባትየው እንቁላሏን በእግሮቹ ላይ አስቀምጦ፣ በሆዱ ቆዳ ሸፍኖ፣ በጨለማውና በውርጩ ውስጥ ከሁለት ወር በላይ ይታቀፋል። ከመጀመሪያው ጀምሮ ሲቆጠር አራት ወር ሊሞላ ጥቂት እስኪቀረው ድረስ ምግብ በአፉ አይዞርም፤ የሰውነቱን ክብደት እኩሌታ ያህል ያጣል።

ይህ ሁሉ የሚሆነው በመሬት ላይ አይደለም። አብዛኞቹ ሰፈሮች ያሉት ባሕሩ በረዶ ሆኖ በጠነከረበት ወለል ላይ ነው። ያ ወለል ጫጩቶቹ ለስላሳውን ላባ ጥለው ውኃ የማያስገባውን እስኪለብሱ፣ ማለትም እስከ ታኅሣሥ መጨረሻ ድረስ መቆየት አለበት። በ2022 መገባደጃ በአንታርክቲካ ምዕራብ ባለው በቤሊንግስሃውዘን ባሕር ግን አልቆየም። በአካባቢው ከሚታወቁት 5 ሰፈሮች በ4ቱ በረዶው ጫጩቶቹ ሳይደርሱ ተሰባበረ። ከእነዚያ ሰፈሮች የተረፈ ጫጩት የለም ተብሎ ይታመናል። ይህን ያወቁት የእንግሊዝ የአንታርክቲክ ጥናት ተቋም ተመራማሪዎች ናቸው፤ ያወቁትም በሳተላይት ፎቶ ነው። ከጠፈር ሲታይ ወፎቹ አይለዩም፤ በነጩ በረዶ ላይ ቡናማ ሆኖ የሚታየው ኩሳቸው ነው።

ሁለት ፎቶዎች ጎን ለጎን አሳዩን። በአንደኛው ነጭ ወለልና ቡናማ ነጠብጣብ አለ። በሁለተኛው ጥቁር ባሕር ብቻ። በአዳራሹ ማንም ቃል አልተነፈሰም። ከዚያ በፊት በሃሌይ ባሕረ ሰላጤ፣ በዓለም ሁለተኛው ትልቁ የንጉሠ ነገሥት ፔንግዊኖች ሰፈር በነበረው ቦታ፣ ከ2016 ጀምሮ ሦስት ዓመት በተከታታይ ጫጩት ማሳደግ አልተቻለም ነበር። ከወላጆቹ የተወሰኑት ወደ ሌላ ሰፈር መሰደዳቸው መታወቁ ብቻ ትንሽ አጽናናኝ።

አራተኛ ቀን፦ ግማሽ ጨረቃ ደሴት

ዛሬ መሬት ረገጥን። ዞዲያክ በሚባሉት የጎማ ጀልባዎች ነው የሚወረደው። በአንድ ጊዜ ከ100 ሰው በላይ መውረድ አይቻልም። ከእንስሳቱ 5 ሜትር መራቅ ግዴታ ነው። የወፍ ጉንፋን እንዳይዛመት ሲባል መሬት ላይ መቀመጥም፣ መንበርከክም፣ ቦርሳ ማስቀመጥም ክልክል ነው፤ በሽታው በየካቲት 2024 በአንታርክቲክ ልሳነ ምድር ላይ ተገኝቷል።

ከፔንግዊኖቹ ቀድሞ የተቀበለን ሽታቸው ነው። የበሰበሰ ዓሣና አሞኒያ የተቀላቀለበት፣ አፍንጫ የሚሰነፍጥ ሽታ። ኩሱ ሮዝ ወደ መሆን ይወስደዋል፤ ክሪል የምትባለው ሽሪምፕ መሳይ ፍጥረት ቀለም ነው። ከድንጋዩ ተረተር ላይ እንደ አሸን ፈልተው የቆሙት ቺንስትራፕ ይባላሉ፤ ከአገጫቸው ሥር እንደ ቆብ ማሰሪያ የመሰለ ቀጭን ጥቁር መስመር አላቸው።

አንዷን ለረጅም ጊዜ አየኋት። ከሆዷ ሥር ሁለት ግራጫ ጫጩቶች አሉ። ዓይኗ ይከደናል፣ ይከፈታል፣ ደግሞ ይከደናል። የደከማት መስሎኝ ነበር። ለካ እየተኛች ነው። ከዚህ ብዙም በማይርቀው ኪንግ ጆርጅ ደሴት የተደረገና በ2023 የታተመ ጥናት እንዳሳየው ቺንስትራፖች ጎጆ በሚጠብቁበት ወቅት የሚተኙት በአማካይ 4 ሴኮንድ ያህል ብቻ በሚቆይ እንቅልፍ ነው። ይህንንም በቀን ከ10,000 ጊዜ በላይ ይደጋግሙታል፤ ሲደመር 11 ሰዓት ገደማ ይሞላል። ስኩዋ የሚባለው ነጣቂ ወፍ ከበላይ እያንዣበበ ከዚህ የረዘመ እንቅልፍ ከየት ይመጣል?

እነዚህ ወፎች የሚኖሩት ከሞላ ጎደል በክሪል ነው። የክሪል እጭ ደግሞ ክረምቱን የሚያልፈው ከባሕሩ በረዶ ሥር የበቀለውን አልጌ እየጋጠ ነው። በረዶው ሲሳሳ ወይም ዘግይቶ ሲመጣ የሚጎዳው መጀመሪያ ይህ የማይታይ ግጦሽ ነው። በዚያ ላይ ክሪልን ሰዎችም በመርከብ ያጠምዱታል። የባሕሩን ሀብት የሚጠብቀው ዓለም አቀፍ ኮሚሽን በዚህ ቀጣና እንዲጠመድ የፈቀደው ጣሪያ በዓመት 620,000 ቶን ነው። ብዛቱ ከጠቅላላው ክሪል ጋር ሲነጻጸር ትንሽ ነው ይባላል። እኔን ያሳሰበኝ ግን መጠኑ ሳይሆን ቦታው ነው፤ መርከቦቹ የሚሰበሰቡት ፔንግዊኖቹ ለጫጩቶቻቸው በሚያድኑበት ባሕር ከሆነ ድምሩ ምን ይጠቅማል? ከዚህ በስተ ሰሜን ምሥራቅ ባለችው ኤሌፋንት ደሴት የቺንስትራፖች ቁጥር በ1971 ከነበረው በ60 በመቶ ገደማ ቀንሶ መገኘቱ በ2020 ተረጋግጧል።

ከሰዓት በኋላ ዲሴፕሽን ደሴት ገባን፤ ከ1912 እስከ 1931 ዓሣ ነባሪ ይቀቀልበት የነበረ የዛገ ብረት ጋን ብዙ ነው። አልወደድኩትም።

አምስተኛ ቀን፦ ብራውን ብላፍ

ፀሐይ ወጣች። ቡናማው ገደል ሥር ስንወርድ ከጃኬቴ በታች ላብ አሰመጠኝ። እዚህ ያሉት አዴሊዎች ናቸው፤ ጭንቅላታቸው ጥቁር፣ በዓይናቸው ዙሪያ ነጭ ቀለበት ያላቸው። በ1840 ፈረንሳዊው ዱሞን ዱርቪል በሚስቱ በአዴል ስም በሰየመው ምድር ነው ስማቸው የተገኘው።

ሞቋቸዋል። አፋቸውን ከፍተው ያለከልካሉ። ክንፋቸውን እንደ ተሰጣ ልብስ ዘርግተዋል፤ የክንፉ ውስጠኛ ገጽ ደም ሮጦበት ሮዝ መስሏል። አካላቸው የተሠራው ሙቀትን ላለማስወጣት ነው፦ ጥቅጥቅ ያለ ላባ፣ ወፍራም ስብ፣ ከእግር የሚመለሰውን ቀዝቃዛ ደም ወደ እግር የሚወርደው ሞቃት ደም እያሞቀው የሚያልፍበት የደም ሥር አሠራር። ሙቀት ሲመጣ ይህ ሁሉ ይከብዳቸዋል። ሆኖም ክንፍ መዘርጋትና ማለክለክ ይችላሉ፤ ባሕሩም አጠገባቸው ነው። ለአንድ ትኩስ ቀን መላ አላቸው ማለት ነው።

ስለ ትኩስ ቀን ካነሳሁ፦ ከዚህ ብዙም በማይርቀው በአርጀንቲና ኤስፔራንሳ ጣቢያ በየካቲት 6 ቀን 2020 ቴርሞሜትሩ 18.3 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አሳይቷል። በአንታርክቲካ ዋና ምድር ከተመዘገበው ሁሉ ከፍተኛው ነው።

አንድ አዴሊ ጠጠር ሲሸከም አየሁ። ከባሕሩ ዳር በምንቃሩ አንስቶ፣ በሁለት እግሩ እየተወላገደ ዳገቱን ወጣ። መንገድ ላይ ወደቀበት፤ ተመልሶ አነሳው። ሌላዋ ቆማ ከምትጠብቅበት የጠጠር ክምር ሲደርስ ከእግሯ ሥር አኖረው። ሁለቱም አንገታቸውን ወደ ላይ አቅንተው ጮኹ። ወዲያው ዘወር ሲል ጎረቤቱ ያንኑ ጠጠር ሰርቆ ሄደ። ብዙ ተጓዦች ሳቁ። አስጎብኚያችን ግን ጠጠሩ ለምን እንደሚፈለግ ነገረችን። በረዶ ሲቀልጥ ውኃው በመሬቱ ላይ ይፈሳል፤ እንቁላሉ ከውኃው ከፍ ብሎ ካልተቀመጠ በርዶት ይሞታል። የእንቁላሉ ሕይወት የተንጠለጠለው በጠጠሩ ክምር ቁመት ላይ ነው። ከዚያ በኋላ ያን ወፍ ያየሁት በሌላ ዓይን ነው።

ደግ ወሬም አለ። ከዚህ በስተ ምሥራቅ፣ በዌዴል ባሕር በኩል ባሉት ዴንጀር ደሴቶች ተመራማሪዎች መጀመሪያ በሳተላይት የኩስ ምልክት አይተው፣ ቀጥለው በ2015 መጨረሻ በእግርና በድሮን ቆጥረው፣ 751,527 ጥንድ አዴሊዎች አግኝተዋል። በዚያ በኩል ባሕሩ በረዶውን ይዞ ቆይቷል። ስለዚህ አዴሊ በሁሉም ቦታ እየጠፋ ነው ማለት ስሕተት ነው። በሮስ ባሕርም በብዛት ይራባል። ልዩነቱ የበረዶው ነው።

ስድስተኛ ቀን፦ ፖርት ሎክሮይ

በ1944 የተመሠረተ የእንግሊዝ ጣቢያ ነው፤ ዛሬ ሙዚየምና ፖስታ ቤት ሆኗል። በእንጨቱ ቤት ዙሪያ ጄንቱዎች ጎጆ ሠርተዋል፤ ምንቃራቸው ብርቱካናማ፣ ከዓይናቸው በላይ ነጭ ጥምጣም የመሰለ ምልክት ያላቸው። ከደሴቲቱ ከፊሉ ለጎብኚ ዝግ ነው። በሁለቱ በኩል ያሉት ወፎች ልዩነት ያሳዩ እንደሆነ ለማወቅ ጎጆዎቹና ጫጩቶቹ ከ1996 ጀምሮ በየዓመቱ ይቆጠራሉ።

ሞቃት አየር ብዙ እርጥበት ይይዛል። ባሕሩ በረዶ ካልሸፈነው ደግሞ የበለጠ ይተናል። ስለዚህ በዚህ በምዕራቡ ዳርቻ ሙቀት መጨመር ብዙ ጊዜ የሚመጣው ከሰማይ የሚወርድ ተጨማሪ በረዶ ሆኖ ነው፤ ለሰሚው ግራ ቢሆንም። ጎጆ የሚሠራበት ድንጋይ ደግሞ ከዚያ በረዶ ሥር ይቀበራል።

አዴሊ በጥቅምት ከባሕር ሲመለስ ወደዚያው ወደ ድሮው ቦታው ይመጣል። በረዶ ቢከምርበትም እዚያው ላይ ተኝቶ ይታቀፋል፤ በረዶው ሲቀልጥ እንቁላሉ ውኃ ውስጥ ይቀራል። ቀኑን አያራዝምም፣ ቦታውን አይለውጥም። ጄንቱ ሌላ ነው። ድንጋዩ እስኪገለጥ ይጠብቃል። የመጀመሪያዎቹን እንቁላሎች ቢያጣ ሌላ ሊጥል ይችላል። ክሪል ሲያንስ ዓሣ ይበላል። ክረምቱን ከሰፈሩ ብዙ አይርቅም፤ የባሕር በረዶም አያስፈልገውም። አዴሊ ግን ክረምቱን የሚያሳልፈው በሚንሳፈፈው በረዶ ላይ ነው።

በእግራችን የተቦደሰውን በረዶ እየደፈንን ተመለስን። ጉድጓዱ ክፍት ከቀረ ፔንግዊን ይገባበትና መውጣት ያቅተዋል። ይህችን ትንሽ ሥራ ከሁሉም በላይ ወደድኳት።

ሰባተኛ ቀን፦ ፒተርማን ደሴት

ከሌሊቱ ጀምሮ ይዘንባል። በረዶ አይደለም፤ ዝናብ ነው፤ በጃኬት ላይ የሚንጠባጠብ፣ በድንጋይ ላይ የሚፈስ ዝናብ። የለሜርን ጠባብ ሰርጥ በጭጋግ አልፈን ስንወርድ መሬቱ በሮዝማ ጭቃ ረክሷል።

ፈረንሳዊው ሻርኮ በ1909 መርከቡን እዚህ አስሮ ከረመ። በዚያን ዘመን ይህ የአዴሊዎች ደሴት ነበር። አሁን አብዛኛው የጄንቱ ነው። አዴሊዎቹ በጥቂት ከፍታዎች ላይ ተገፍተው ቀርተዋል። ከዚህ ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ወደ ደቡብ ባለው በቨርናድስኪ ጣቢያ መዝገብ መሠረት የዚህ ዳርቻ የክረምት ሙቀት ከ1950 ወዲህ በነበረው ግማሽ ምዕተ ዓመት 5 ዲግሪ ያህል ጨምሯል። ባሕሩ በበረዶ ተሸፍኖ የሚቆይበት ጊዜም ከ1979 በኋላ በሦስት ወር ገደማ አጥሯል። ወደ ሰሜን፣ በፓልመር ጣቢያ አካባቢ ቢል ፍሬዘር የተባለ አሜሪካዊ ተመራማሪ ዕድሜውን ሙሉ አዴሊዎችን ሲቆጥር ኖሯል። በ1970ዎቹ አጋማሽ 15,000 ጥንድ ያህል ነበሩ፤ ከ80 በመቶ በላይ ጠፍተዋል። ሊችፊልድ በምትባለው ደሴት ከነአካቴው አንድም የለም።

ቁጥሩን አስቀድሜ አውቀው ነበር። ያላወቅኩት ዛሬ ያየሁትን ነው።

ከአዴሊዎቹ ሰፈር ዳር አንድ ጫጩት ቆሟል። ቁመቱ ከወላጁ ብዙም አያንስም፤ ከሆድ ሥር መግባት የሚችልበትን ዕድሜ አልፏል። ውኃ የማያስገባውን ላባ ለመልበስ ግን ገና ሳምንታት ይቀሩታል። ግራጫው ለስላሳ ላባ ውርጭን ይችላል፤ ደረቅ በረዶ ቢዘንብበት አራግፎ ይቆማል። ዝናብን ግን እንደ ስፖንጅ ይጠጣዋል። ላባው ተጣብቆ ተጣብቆ በመሐሉ ቆዳው ይታያል፤ ከሆዱ ውኃ ይንጠባጠባል። ይንቀጠቀጣል፤ ቆም ይላል፤ ደግሞ ይንቀጠቀጣል። ወላጆቹ ሁለቱም ባሕር ላይ ናቸው። ሌሎች ጫጩቶች ተጠጋግተው ሲቆሙ እርሱ ከዳር ቀርቷል። ከአሥር እርምጃ በማይበልጥ ርቀት አንድ ስኩዋ ድንጋይ ላይ ተቀምጧል። አይቸኩልም።

ከዚያው ተዳፋት በታች ያሉት የጄንቱ ጫጩቶች ግን ዘግይተው የተፈለፈሉ ስለሆኑ ገና ትንንሾች ናቸው፤ ብዙዎቹ ከእናታቸው ወይም ከአባታቸው ሆድ ሥር ናቸው። ዝናቡ የሚወርደው በወላጆቹ ጀርባ ላይ ነው፤ ጠብታው እንደ ዘይት እየተንከባለለ ይወርዳል። አንዱ ዝናብ ነው፤ የሚወድቀውም በሁለቱም ላይ ነው። የሚለያቸው ሁለትና ሦስት ሳምንት ብቻ ነው። የኡሽዋያው ጥያቄዬ መልሱን ያገኘው እዚህ ጭቃ ላይ ቆሜ ነው። የአዴሊን ሕይወት የሚያናጋው የሙቀቱ ዲግሪ ራሱ አይደለም። ያ ዲግሪ በረዶውን ዝናብ ያደርገዋል፣ የባሕሩን ወለል ያለ ጊዜው ይሰብረዋል፣ የክሪሉን ግጦሽ ያሳሳዋል። ወፉ ደግሞ የመምጫውንም የመሄጃውንም ቀን በድሮው በረዶ ልክ ነው የቆረጠው።

ጃኬቴን አውልቄ ላለብሰው ፈለግኩ። እውነቴን ነው፤ እጄ ቁልፉ ላይ ነበር። አስጎብኚያችን አየችኝና ቀስ ብላ ራሷን ነቀነቀች። እርሷም ፊቷ ረጥቧል፤ ዝናብ ይሁን ሌላ አልጠየቅኳትም።

አንድ አዴሊ ከባሕር ወጥቶ ሆዱን ሞልቶ ዳገቱን ሲወጣ ጫጩቶቹ እየተንጋጉ ተከተሉት። እነርሱን ከኋላው እያስሮጠ የራሱን ልጆች በድምፅ ይለያል። የረጠበውም ጫጩት ተነሣ። ጥቂት ሮጠ፣ በሆዱ ወደቀ፣ ደግሞ ተነሣ። ከዚያ ወደ ጀልባ እንድንመለስ ተጠራን። ከድንጋዩ ጀርባ ሲሄድ ያየሁት የመጨረሻው ነው። ስኩዋው በቦታው አልነበረም።

እራት አልበላሁም።

ስምንተኛ ቀን፦ ድሬክ መተላለፊያ፣ ወደ ሰሜን

ለመጨረሻ ጊዜ ጫማችንን እንድናጸዳ ታዘዝን። በማጽጃው ውኃ ነክሬ ስፈትገው ከግራ ጫማዬ ሶል መካከል አንድ ነገር አልወጣ አለ። በወረንጦ ሳወጣው ጠጠር ነው፤ ግራጫ፣ ለስላሳ፣ የአውራ ጣት ጥፍር የሚያህል። ከፒተርማን ሌላ ከየትም ሊሆን አይችልም፤ ከዚያ በፊት ጫማዬን በየቀኑ ፈትሻለሁ፣ ትናንት ግን ልቤ እዚያው ቀርቶ በቅጡ አልፈተሽኩም። መዳፌ ላይ ይዤው ቆየሁ። አንድ ወፍ በምንቃሩ ይዞት ዳገት ወጥቶ ሊሆን ይችላል።

ለአስጎብኚያችን ወስጄ ሰጠኋት። አልተቆጣችም። መርከቧ ከአሥር ቀን በኋላ ተመልሳ ወደዚያው ትሄዳለች፤ አየሩ ከተስማማ ፒተርማን ላይ እንደምትወርድ ነገረችኝ። ጠጠሩን በማጽጃው አጥባ በትንሽ ፕላስቲክ ከረጢት አደረገችው፤ ከጠረጴዛዋ እስክሪብቶ አንስታም የደሴቲቱን ስምና ቀኑን ጻፈችበት።